እንግዳውን የት እንውሰደው?

አስጎብኚው ካዛንቺስ ተወልዶ ያደገ ነው። እትዬ መናኸሪያው አካባቢ ለረጅም ዘመን ምግብ ቤት የነበራቸው፣ ሰፈሩ በ2017 ዓ.ም. ሲነሣ ወደ ገላን ጉራ የሄዱ ሴት ናቸው። እሱ ጃፓን ውስጥ አስጎብኚ ይዞ ኑድል ቤቶችንና ገበያዎችን ዞሮ ተመልሷል፤ አሁን ተመሳሳይ የምግብ ጉብኝት ቂርቆስና ካዛንቺስ ላይ ሊጀምር ያስባል። ኡራኤል አጠገብ ቡና ይዘው ያወራሉ።

እትዬ፦ ቶኪዮ ድረስ ሄዶ ፓስታ በላ አሉኝ። እውነት ነው?

አስጎብኚው፦ ኑድል ነው፣ እትዬ። አስጎብኚዋ ጠዋት ገበያ ወሰደችን፤ ቀትር ላይ ሶባ፣ ማታ ራመን አበላችን። በመሃል ደረቅ ዓሣ የሚፍቅ ሱቅ፣ ቢላ የሚስል ሱቅ፣ የባሕር ቅጠል የሚሸጥ ሱቅ እየገባን ነበር። ሰሃኑ ፊታችን ሲቀርብ ውስጡ ያለውን ሁሉ ቀድመን በዓይናችን አይተነዋል። ከሁሉ የወደድኩት ያንን ነው።

እትዬ፦ የአሳማ ሥጋ ይገባበታል ሲሉ እሰማለሁ።

አስጎብኚው፦ የራመን መረቅ ብዙ ጊዜ ከአሳማ አጥንት ነው፤ ከዶሮ የሚሠራም አለ። የማንበላውን ከጉብኝቱ በፊት ጠይቃን ጽፈን ልከንላት ስለነበር እኔን የዶሮ መረቅ ያለው ቤት ወሰደችኝ።

እትዬ፦ ረቡዕ ቢሆንስ ኖሮ?

አስጎብኚው፦ ይከብድ ነበር። የሶባው መረቅ ሥጋ ባይገባበትም፣ ኮምቡ ከሚሉት የባሕር ቅጠልና በጭስ ከደረቀ ዓሣ ነው የሚወጣው። የቡድሃ መነኮሳት ግን ዓሣም ሥጋም የማይገባበት የራሳቸው ማዕድ አላቸው። መረቁን ከባሕር ቅጠልና ከደረቀ እንጉዳይ ያወጡታል።

እትዬ፦ የኛን ሰው ወደዚያ የሚወስድ አስጎብኚ እንግዲህ የመነኮሳቱን ቤት አስቀድሞ ይወቅ። ሶባ ያልከው ከምንድን ነው የሚሠራው?

አስጎብኚው፦ ከስንዴ ወገን ያልሆነ፣ ሦስት ማዕዘን ያለው ጠቆር ያለ ፍሬ ነው። በሁለት ወር ተኩል ገደማ ይደርሳል፤ ስለዚህ ሩዝ በማይሆንበት ብርዳም ተራራና ስስ መሬት ላይ ይዘሩታል። ችግሩ ዱቄቱ እንደ ስንዴ አይያያዝም። ሰውየው ፊታችን ሲያቦካ ስምንት እጅ የሶባ ዱቄት፣ ሁለት እጅ የስንዴ ዱቄት አደረገ። ውሃውን ጥቂት በጥቂት እየረጨ በጣቶቹ ጫፍ ያሸዋል። ሊጡ አንድ ላይ ሲመጣለት በረጅም እንጨት ዳመጠው፤ እንደ ነጠላ አጣጥፎ በሰፊ ቢላ ቀጫጭን አድርጎ ቆረጠው። የፈላ ውሃ ውስጥ ገብቶ ሲወጣ አፍታም አልቆየ። ወዲያው በቀዝቃዛ ውሃ ታጥቦ ቀረበ።

እትዬ፦ ጤፍም እኮ አይያያዝም።

አስጎብኚው፦ እዚያ ቆሜ ያሰብኩት እሱን ነው።

እትዬ፦ ጤፍን የሚያያይዘው አብሲቱ ነው። ሊጡ ሁለት ሦስት ቀን ከቦካ በኋላ ከላዩ ያቀረረውን ውሃ ትደፋለህ። ከሊጡ ጥቂት ቀንሰህ፣ በፈላ ውሃ እያማሰልክ እንደ ገንፎ ታበስለዋለህ፤ ለብ ሲል ወደ ሊጡ ትመልሰዋለህ። ያኔ ኩፍ ይላል። አብሲት ያነሰው እንጀራ ዓይኑ አይወጣም፤ ስትጠቀልለው ይሰነጠቃል። አብሲት የበዛበት ደግሞ ይጣበቃል። ጃፓኖቹ ስንዴ ጨመሩበት፤ የኛ እናቶች ከራሱ ከጤፉ አብስለው መለሱለት። ይህን ለእንግዳ የሚነግር አስጎብኚ አለ?

አስጎብኚው፦ ብዙዎቻችን ጤፍ ግሉተን የለውም እንልና እናልፋለን።

እትዬ፦ የሌለውን ትነግሩታላችሁ፤ ሴቲቱ በሌለው ነገር ምን እንዳደረገችበት አትነግሩትም። የዕውቀቱ ጫፍ እኮ እዚያ ነው። ሌሊት ተነሥታ ሊጡ ደርሶ እንደሆነ በሽታው የምታውቅ ሴት፣ የብርድ ቀንና የሙቀት ቀን እርሾውን ለይታ የምትመጥን ሴት! ሰው ባሕር ተሻግሮ መጥቶ ይህን ሳያይ ጥብስ በልቶ ይመለሳል። ያሳዝነኛል።

አስጎብኚው፦ አንድ ነገር ልጨምርልዎ። ሶባውን በልተን ስንጨርስ ኑድሉ የተቀቀለበትን ትኩስ ውሃ በትንሽ ማንቆርቆሪያ አመጡልን። የተረፈንን መረቅ በእሱ አቅጥነን ጠጣን።

እትዬ፦ ደግ አድርገዋል። የእህሉ ጉልበት ውሃው ውስጥ ይቀራላ። እንግዲህ አንተም ለእንግዶችህ የኛን ፓስታ አብላቸው።

አስጎብኚው፦ ፓስታ? እትዬ፣ ከጀርመንና ከአሜሪካ ለመጣ ሰው አዲስ አበባ ላይ ፓስታ ላብላው?

እትዬ፦ ካዛንቺስ ምን ይበላ እንደነበር ማሳየት ከፈለግህ፣ አዎን። እኔ ቤት ፓስታ በስጎ የሚያዘው ሽሮ ከሚያዘው ብዙም አያንስም ነበር። አንዱ በሹካ ይበላል፤ አንዱ እንጀራ ላይ ገልብጦ በእጁ ይጠቀልላል። በጾም ስጎው በዘይት፣ በቲማቲም፣ በነጭ ሽንኩርትና በቃሪያ ነው፤ በርበሬ ጣል የሚያደርግበትም አለ። ይህን ጣሊያን አገር አታገኘውም። ሰፈሩንስ ማን ቆረቆረው? ጣሊያን በወረራው ጊዜ ለመንግሥቱ ሠራተኞች ቤት የሠራበት ነው። እሱ በአምስት ዓመቱ ተሸንፎ ወጣ። ከዚያ ወዲህ ፓስታውን ያበሰልነው እኛ ነን፤ ልጅ ያሳደግነው፣ ዘመን ያሻገርነው እኛ ነን።

አስጎብኚው፦ ይህን ሲሉኝ የራመኑ ታሪክ ነው ትዝ የሚለኝ። ራመን መነሻው ቻይና ነው። በ1910 እ.ኤ.አ. የጉምሩክ ሠራተኛ የነበረ ጃፓናዊ ቶኪዮ ውስጥ አሳኩሳ ሰፈር ራይራይከን የሚባል ቤት ከፍቶ፣ ከዮኮሃማ ወደብ ቻይናውያን ምግብ አብሳዮች አምጥቶ ቀጠረ። ለብዙ ዘመን ጃፓኖቹ ራሳቸው የቻይና ሶባ ነበር የሚሉት። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ሩዝ ጠፍቶ ከአሜሪካ የስንዴ ዱቄት ሲገባ፣ በየጎዳናው ጋሪ ላይ ራመን የሚሸጥ በዛ። የተራበ ከተማ በሳንቲም የሚጠግበው እሱን ነበር። ዛሬ የዓለም ሰው ጃፓን ሲነሣ ከሱሺ ቀጥሎ የሚጠራው ራመንን ነው።

እትዬ፦ ሱቅ ልጆቹ የሚገዙት ኢንዶሚስ የነሱ ነው?

አስጎብኚው፦ ኢንዶሚ የኢንዶኔዥያ ነው። በፈላ ውሃ ወዲያው የሚደርሰው ኑድል ግን ከጃፓን የወጣ ነው። ሞሞፉኩ አንዶ የሚባል ሰው ከጦርነቱ በኋላ ኦሳካ ጥቁር ገበያ ላይ ሕዝቡ በብርድ ለአንድ ሳህን ኑድል ተሰልፎ አይቶ ነበር። በ1958 እ.ኤ.አ. ቤቱ ጓሮ በሠራት ጎጆ ውስጥ ኑድሉን በዘይት ጠብሶ ማድረቅ ቻለ። ኑድሉ ሲጠበስ ውሃው ወጥቶ ቀዳዳ ቀዳዳ ይሆናል፤ የፈላ ውሃ ሲፈስበት መልሶ ይጠጣል።

እትዬ፦ እንግዲህ ራመንን የጃፓን ብለህ በልተህ፣ ፓስታ በእንጀራን የካዛንቺስ ለማለት ምን ያሳፍርሃል?

አስጎብኚው፦ አሁን አያሳፍረኝም። ጉብኝቱ ውስጥ ይገባል፤ ከወረራው ታሪክ ጋር እነግራቸዋለሁ።

እትዬ፦ ቤቶቹ ምን ይመስላሉ? ራመን የበላህበት።

አስጎብኚው፦ ጠባብ ናቸው። ስምንት አሥር ወንበር በአንድ ረድፍ፣ ፊት ለፊት ምግብ አብሳዩ። በሩ ላይ ማሽን አለ፤ ገንዘብህን ከትተህ የምትፈልገውን ተጭነህ ትኬት ትወስዳለህ። ከዚያ ተቀምጠህ ድምፅ እያሰማህ ትስበዋለህ። ነውር አይደለም፤ ትኩሱን ያበርዳል፣ ሽታውንም ያነሣል ይላሉ። ጨርሰህ ትነሣለህ፤ ከኋላህ የቆመ አለ።

እትዬ፦ ትኬቱስ እዚህም ኬክ ቤቱ ያስቆርጥ ነበር። ብቻውን ሰው ሳያናግር መብላቱ ነው የከበደኝ። እኔ ቤት ብቻውን የገባ ሰው ማዕድ ላይ ካለው ጋር እንብላ ተባብሎ ይቀመጣል። አንተ ግን ከቡድን ጋር በዚያ ጠባብ ቤት እንዴት ገባህ?

አስጎብኚው፦ ጥቂት ስለሆንን ነው። አስጎብኚዋ ከስድስት ሰው በላይ አትይዝም፤ ደግሞ የራት ሰልፍ ሳይጀመር ነው ያስገባችን። የዘወትሩ ደንበኛ በእኛ ምክንያት ቆሞ እንዲጠብቅ አትፈልግም። ኪዮቶ ኒሺኪ የሚባል ረጅም የጉሮሮ መንገድ የመሰለ ገበያ አለ፤ ከአራት መቶ ሜትር ትንሽ ያነሰ ነው። እዚያ ጎብኚ ከመብዛቱ የተነሣ ነጋዴዎቹ እባካችሁ እየሄዳችሁ አትብሉ ብለው ማስታወቂያ ለጥፈዋል። ዓሣ ሊገዛ የመጣ የሰፈር ሰው መተላለፊያ አጥቷል።

እትዬ፦ ይኸው ነው እኔም የምፈራው። ከስድስት ሰዓት እስከ ስምንት ሰዓት እኔ ቤት መግቢያ አልነበረም። የኢ.ሲ.ኤ. ሠራተኛ፣ የመሥሪያ ቤት ሰው፣ የታክሲ ረዳት፣ የሆቴል ጥበቃ፣ ሁሉም በዚያች ሰዓት ነው የሚመጣው። ረዳቱ ሩብ ሰዓት ነው ያለችው። ካሜራ ያንጠለጠለ አሥር ሰው ብታመጣብኝ ለእሱ ምሳ የለም ማለት ነው። የቤቱ ባለቤት እሱ ነው እኮ፤ በየቀኑ የሚያበላኝ እሱ ነበር።

አስጎብኚው፦ የገበያውን ነገር ልንገርዎ። ቶኪዮ ጽኪጂ የሚባል የዓሣ ገበያ ነበራት። በ1923 እ.ኤ.አ. ትልቁ የመሬት መንቀጥቀጥ የድሮውን የኒሆንባሺ ገበያ ካወደመው በኋላ የተቋቋመ ነው፤ በ1935 ተከፈተ። ለ83 ዓመት የከተማዋ ዓሣ የሚሸጠው እዚያ ነበር። በጥቅምት 2018 እ.ኤ.አ. የጅምላ ገበያው ሁለት ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ ወደ ቶዮሱ ተዛወረ። አሁን ጨረታውን ጎብኚ ከላይ በመስታወት ነው የሚያየው። በጽኪጂ ዙሪያ የነበሩት ትናንሽ ሱቆች ግን፣ ቢላ ሻጩ፣ የባሕር ቅጠል ሻጩ፣ እንቁላል ጠባሹ፣ በቦታቸው ቀሩ። እኛ የጎበኘነው እነሱን ነው።

እትዬ፦ ሁለት ኪሎ ሜትር ምን አላት! የኛን አትክልት ተራ አስታውስ። ከፒያሳ በ2012 ዓ.ም. በኮሮና ምክንያት ጃን ሜዳ ሄደ፤ በሚቀጥለው ዓመት ደግሞ ላፍቶ፣ ኃይሌ ጋርመንት ጋ ወረደ። ቦታው ይሰፋል፤ ጭነት መኪና እንደ ልብ ይገባል። እሱን አልክድም። ለእኔ ዓይነቷ ግን ነገሩ ሌላ ነው። ፒያሳ ሽንኩርት የምትሸጥልኝ ሴት ዶሮ ወጥ የምሠራበትን ቀን ታውቅ ነበር። የሐበሻውን፣ ትንንሹን ቀይ ሽንኩርት ለይታ ታስቀምጥልኛለች። እሱ ነው ያለ ዘይት ለረጅም ሰዓት ሲቁላላ የማይሸሸው፤ ውሃ የሚበዛበት ትልቁ ሽንኩርት ወጡን ያቀጥነዋል። ገንዘብ ሲያጥረኝ በዱቤ ትሰጠኛለች፤ ቅዳሜ እከፍላታለሁ። ገበያው ሲርቅ ትራንስፖርቱ ጨመረ፤ ከዚያ ይበልጥ የጎዳኝ ግን ሴትዮዋን ማጣቴ ነው። ከሰፈር ጉሊት ያገኘሁትን መግዛት ጀመርኩ። ደንበኞቼ ወጡ ተለወጠ አሉኝ። እውነታቸውን ነው።

አስጎብኚው፦ ይህንን ነው እንግዳ ሊሰማ የሚገባው።

እትዬ፦ ከዚያ ደግሞ ሰፈሩ ራሱ ተነሣ። ልጄ፣ እኔ የማወራው ለማማረር አይደለም። የነበርኩበት የቀበሌ ቤት ሽንት ቤቱ የስንት ቤተሰብ እንደነበረ አንተም ታውቃለህ፤ በክረምት ጣሪያው ያፈሳል። አሁን ገላን ጉራ የራሴ ሽንት ቤት፣ የራሴ ውሃ አለኝ፤ ምስጋና ይግባው። መንገዱም፣ ይኸው ታየዋለህ፣ ሰፍቷል፣ መብራቱ ያምራል። ግን ምግብ ቤት ማለት ግድግዳና ምድጃ ብቻ አይደለም። ቄራ ሄዶ ሥጋ የሚያመጣልኝ ልጅ፣ ከሰል የሚያደርሰው፣ ጎረቤት ቡና የምታፈላዋ፣ ረዳቱ፣ ማታ ከፈንድቃ ወጥቶ ርቦት የሚመጣው ሰው። እነዚህ ሁሉ በእግር የሚደርሱ ነበሩ። አንዳችን ቦሌ አራብሳ፣ አንዳችን ገላን ስንሆን፣ ሽሮዬ ያው ሽሮ ሆኖ ሳለ የሚበላት አጣች።

አስጎብኚው፦ ፈንድቃም ተነሥቷል። መላኩ በላይ ዓለምን ያስጨፈረበት የአዝማሪ ቤት፣ የውጭ እንግዳ ሁሉ አንድ ማታ ሳያሳልፍበት የማይሄድ ቦታ ነበር። አስጎብኚ ለብዙ ዓመት ካዛንቺስ ማታ የት እንሂድ ሲባል ሁለተኛ አያስብም ነበር።

እትዬ፦ ታዲያ እንግዶችህን ካዛንቺስ አምጥተህ ምን ልታሳያቸው ነው? ትልልቅ ሆቴሉን?

አስጎብኚው፦ ዮኮሃማ የራመን ሙዚየም አለ፤ በ1994 እ.ኤ.አ. የተከፈተ። ምድር ቤቱ ውስጥ የ1958ን ቶኪዮ ሰፈር አስመስለው ሠርተውታል። አሮጌ ማስታወቂያ፣ ጠባብ መንገድ፣ ሁልጊዜ ምሽት የሚመስል ሰማይ። በየቤቱ ከተለያየ የአገሩ ክፍል የመጡ ራመን አብሳዮች ይሠራሉ። እኛም እንዲህ ያለ የካዛንቺስ ቦታ ቢኖረን ብዬ አስቤ ነበር።

እትዬ፦ አብሳዮቹ በሕይወት ያሉ ናቸው?

አስጎብኚው፦ አዎን፤ እውነተኛ ቤት ያላቸው ናቸው።

እትዬ፦ እንግዲያው ጥሩ ነው። እኛም አልሞትንም። ዱለት የምትሠራዋን ታስታውሳለህ፤ አሁን እኔው ብሎክ ላይ ነች፣ እጇ ያው እጇ ነው። ዳቦ የምትደፋዋ አራብሳ ነች። አንተ አስመሳይ ሰፈር እስኪሠራልህ አትጠብቅ፤ እጁ ወደሄደበት ሂድ። ጠዋት እዚህ ጀምር። አፍሪካ አዳራሽን ከውጭ አሳያቸው፤ በ1963 እ.ኤ.አ. የአፍሪካ አንድነት ድርጅት ሲመሠረት አህጉሩ የተሰበሰበበት ነው በላቸው፤ ምግብ ቤቶቹ ከዚያ ስብሰባ ጋር እንዴት እንደ በዙም ንገራቸው። ወደ ቂርቆስ ጉሊት ውሰዳቸው፤ ሽንኩርቱን፣ ቃሪያውን፣ በሶብላውን ከሴቶቹ ገንዘብ ከፍለው ይግዙ። ፎቶ ብቻ አንሥተው እንዳያልፉ። ሥጋ ቤት አቁማቸው። ያንን የገዙትን ይዘው ወደ እኔ ይምጡ።

አስጎብኚው፦ ገላን ጉራ ሩቅ ነው፣ እትዬ። መንገድ ከተዘጋ ከሰዓት በላይ ይፈጃል። የምግብ ጉብኝት በእግር ካልሆነ ሰው ይሰለቻል ይላሉ።

እትዬ፦ እኛ ያን መንገድ ዕቃችንን ጭነን ሄደነዋል። እነሱ ዘንቢል ይዘው ቢሄዱት ምን ይሆናሉ? መንገዱ ራሱ ታሪኩ ነው፤ አንተ አፍ አለህ፣ ንገራቸው።

አስጎብኚው፦ ልክ ነዎት። ካጋዋ በሚባለው ክፍለ ሀገር እንግዳን ወደ ኡዶን ቤቶች የሚያደርስ ታክሲ አለ። ኡዶን ወፍራሙ የስንዴ ኑድል ነው። ጣሪያው ላይ የታክሲ ምልክቱ የኡዶን ሳህን ነው። ሹፌሮቹ ፈቃዱን ለማግኘት ፈተና ይቀመጣሉ፤ የጽሑፍ አለው፣ በእጅ ኡዶን ማቡካትም አለበት። ቤቶቹ ገጠር ለገጠር የተበተኑ ናቸውና ሰው በደስታ በመኪና ይሄዳል።

እትዬ፦ ሹፌሩ ሊጥ ያቦካል? ወደድኳቸው። እንግዲህ እኔም ልፈትንህ። ምጥን ሽሮ ውስጥ ምን ይገባል?

አስጎብኚው፦ ሽምብራ፣ አተር፣ ባቄላ። በርበሬ። ነጭ ሽንኩርት፣ ዝንጅብል፣ ኮረሪማ።

እትዬ፦ በሶብላውን ረሳህ። ባቄላውንስ ምን አድርገህ ነው ከሽምብራው ጋር የምታስፈጨው?

አስጎብኚው፦ ቆልቼ…

እትዬ፦ ቆልተህ፣ ከክተህ፣ ገለባውን አበጥረህ። ገለባው ካልወጣ ሽሮው ይጠቁራል፣ አይወፍርም። መጥተህ አንድ ጊዜ አብረኸኝ ታዘጋጃለህ፤ ከዚያ በኋላ ስለ ሽሮ ለሰው ታወራለህ።

አስጎብኚው፦ እመጣለሁ። ክፍያውስ?

እትዬ፦ በሰው ቁጥር፣ ቀድሞ። ቅመሱልኝ ብዬ በነፃ አላበላም፤ ዱለት ለምትሠራዋም፣ ቡና ለምታፈላዋም ለየራሳቸው ትከፍላለህ። እንግዳው ስንት እንደከፈለህና ከዚያ ስንቱ ለእኛ እንደደረሰ ይወቀው። ከስድስት ሰው አታስበልጥ፤ ምጣዱ ዳር የሚቆሙበት ቦታ የለኝም። ስማቸውን ሳይሆን የማይበሉትን ጽፈህ ላክልኝ።

አስጎብኚው፦ አርብስ? ብዙ እንግዳ የሚኖረኝ አርብ ነው።

እትዬ፦ አርብ ይምጡ እንጂ! በያይነቱ፣ ተጋቢኖ፣ የጾም ፓስታ። ዱለቱ ብቻ ነው የሚቀረው። ግን መጀመሪያ አንድ ቅዳሜ እንሞክረው። የቅዳሜውን እኔ ረቡዕ ነው የማቦካው፤ ስለዚህ ስንት እንደሆናችሁ እስከ ማክሰኞ ማታ ደውለህ ንገረኝ። ኤሌክትሪክ ምጣድ ነው፤ መብራት ከጠፋ ጎረቤት ጋ እንጋግራለን፣ እሱንም እንዲያውቁት ንገራቸው።